የረሂማ ውሃ

ከኩታበር በታች፣ ሸክላ ሠሪዎች ሰፈር
ታኅሣሥ 12 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለልጄ ለሀፊዝ በሺር
አዲስ አበባ

አሰላሙ ዓለይኩም ልጄ። እንዴት ነህ? ሰውነትህ፣ ሥራህ፣ እንቅልፍህ እንዴት ነው? እኔ አልሃምዱሊላህ፣ ለሞተ ሰው በጣም ደህና ነኝ። እበላለሁ፣ እሰግዳለሁ፣ ጉልበቴን ብርድ ሲቆረጥመኝ ብርዱን እሰድበዋለሁ፣ አፈሬንም እንደ ድሮው አቦካለሁ። አህያችን ወልዳለች። ውርንጭላው እንደ አንተ ግንባረ ሰፊ ነው፤ እናቱን ጥሎ መፈርጠጥም ይወዳል። በክረምቱ የጓዳው ጣሪያ አፍስሶ ነበር፤ አሁን ተደፍኗል።

መቼ ሞትሽ እንዳትለኝ። እኔም የሰማሁት በቅርቡ ነው። የነገረችኝ ደግሞ ልታገባት ያልካት ልጅ ናት። አዎ፣ ቢልቂስ። ቆመህ የምታነብ ከሆነ ቁጭ በል።

በስልክ ልነግርህ ፈልጌ ነበር። የድሮው ቁጥርህ አይሠራም። አዲሱን ደግሞ ለሞተች እናት ማን ይሰጣታል? ስለዚህ በመሠረተ ትምህርት ጊዜ በለመድኳት ፊደል ጻፍኩልህ። ብትወላገድ እለፋት፤ የእኔ እጅ ከብዕር ይልቅ ጭቃ ነው የሚያውቀው። ወረቀት አንድ ጥሩ ነገር አለው፣ ሰው ጆሮ ላይ አይዘጋም። ደብዳቤውን የሚያደርስልህ አሮን ነው። አሮን ማን እንደሆነ እነግርሃለሁ። አትቸኩል፣ ነገሩን ከሥሩ ልያዘው።

ይኸውልህ፣ ከጦርነቱ ወዲህ በዚህ በኩል እንግዳ የሚባል ጠፍቶ ነበር። አሁን ደሴ አሮን የሚባል አፈ ጮሌ ልጅ አለ፤ ቤተሰቦቹ ጴንጤዎች ናቸው። ሚኒባስ እየተከራየ ከአዲስ አበባ የሚመጡ ሰዎችን የእጅ ሥራ ያለበት መንደር ሁሉ ያዞራቸዋል። መጀመሪያ ደጋን ከተማ ላይ ስፌት ከሚሰፉት ዘንድ ያቆማቸዋል። ከዚያ ባና፣ ያን ወፍራም የሱፍ ብርድ ልብስ፣ ከሚሠሩት ሸማኔዎች ጋ ይወስዳቸዋል። ደሴ ያሳድራቸውና በማግስቱ ወደ እኛ ያመጣቸዋል። እኛ መጨረሻ ነን። «ለምንድን ነው እኛን መጨረሻ ያደረግኸን?» ብዬ ጠየቅኩት። «ሸክላ ተሰባሪ ነው እማማ፤ ሲገዙት ቶሎ ወደ ቤታቸው እንዲገቡ ብዬ ነው» አለኝ። ምክንያቱ ልክ ነው፣ አልተቀየምኩትም። ግን ለእኛ ምክንያት ጠፍቶ አያውቅም።

ሚኒባሱ ሲመጣ ሰፈራችንን ብታየው! አራጋውን ታስታውሰዋለህ አይደል፣ ከላይ ያለውን ገበሬ? እናቱ እኔ ሳልፍ ሕፃናቱን በነጠላ ትሸፍናቸው የነበረችውን? አንተ ከምንጩ ዳር በቅላቸው ውሃ ጠጣህና «የቡዳ ልጅ ነካው» ብለው ቅሉን ዓይንህ እያየ ድንጋይ ላይ የከሰከሱት እነሱ ናቸው። እያለቀስክ መጥተህ «እማ፣ ቡዳ ምንድን ነው?» ብለህ ጠየቅኸኝ። ምን ልበልህ? «ሸክላ መሥራት የማይችል ሰው የፈጠረው ወሬ ነው» አልኩህ። ዛሬ ያው አራጋው አስፋልቱ ድረስ ወጥቶ እንግዳ ይቀበላል። «የእኛ ጥበበኞች ወዲህ ናቸው» እያለ ይመራቸዋል። የእኛ አለ! አንድ ቀን ግቢ ብሎኝ ውሃ አቅምሶኝ አያውቅም። መኪና ሲመጣ ጥበበኞች እንሆናለን፣ መኪናው ሲሄድ ወደ ቡዳነታችን እንመለሳለን።

እንግዲህ አንድ እሮብ አሮን ሰው ሞልቶ መጣ። እኔ ጋን እየሠራሁ ነበር። ከበቡኝ። ፎቶ ያነሳሉ፣ ይቀርጻሉ፣ «ውይ እጃቸውን እዩት» ይባባላሉ። አንዷማ የጋኑን አንገት ሠርቼ ስጨርስ «እማማ፣ አልቀረጸልኝም፤ ያፍርሱትና እንደገና ይሥሩት» አትለኝም? ሱብሃነላህ! «አንቺ ልጅ፣ የአንቺስ አንገት ለካሜራ ተብሎ ቢፈታ ትወጃለሽ?» አልኳት። እንግዶቹ ሳቁ። እሷም ሳቀች፣ ግን አሁንም ፈርሶ የሚሠራ መስሏት ስልኳን ደቅና ትጠብቅ ነበር።

ከመካከላቸው አንዷ ብቻ ስልኳን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። ረጅም፣ ጠይም፣ ሻሿን አሳምራ ያሰረች፣ ነጭ ስኒከር ያደረገች ልጅ ናት። ቀሚሷን ሰብስባ ጭቃው አጠገብ ዘፍ አለች። «እጄን ላስገባ?» አለችኝ። «አስገቢ፣ አይነክስም» አልኳት። እስከ ክርኗ ነከረችው። ከዚያ ያ ነጭ ጫማዋ ምን እንደሆነ አልነግርህም። «ቢልቂስ እባላለሁ» ብላ ስሜን ስትጠይቀኝ «እማ በይኝ፣ ይበቃል» አልኳት፤ ለእንግዳ ስሜን እንደማልሰጥ ታውቃለህ። እማ አለችኝ። ለስንት ጊዜ ያልሰማሁትን ቃል ደግማ ደጋግማ ጠራችልኝ።

ንፍሮ አቀረብኩላቸው። ሾፌሩ ሆዱን አመመው። የእኛን እህል ላለመቅመስ የማይታመም ሆድ አይቼ አላውቅም። አሮን ደግሞ «ጾም ላይ ነኝ እማማ» አለኝ። ጴንጤው አሮን እሮብ ጾም ያዘው! ደሴ ምግብ ቤት እሮብና ዓርብ ጥብስ ሲያወርድ የሚውል ልጅ! ለምጄዋለሁ። ልጅቱ ግን ጭቃውን ታጠበችና ዘገን አድርጋ በላች፣ ደገመች። ከዚያ ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «እማ፣ ጨው አንሶታል» አለችኝ። በዚህች ቃል ወደድኳት። ሰው የሚጠየፈውን ቤት ጨው አነሰ አይልም።

ከዚያ ነው ነገሩ የመጣው።

«እማ፣ እኔ የመጣሁት ለሠርጌ ዕቃ ለመግዛት ነው» አለችኝ። «እጮኛዬ የዚህ አገር ልጅ ነው። ሳልነግረው ከየመንደሩ ዕቃ ሰብስቤ ላስደንቀው ብዬ ነው። ከደጋን ሌማት ገዛሁ፣ ከሸማኔዎቹ ባና ገዛሁ፤ የቀረኝ ሸክላ ነው።»

«እሰይ፣ የማን ልጅ ነው?» አልኳት። እኛ አገር የሚጠየቀው ያው ነው።

«ወላጆቹ የሉም፣ በልጅነቱ ሞተውበታል። ደሴ ጋሽ ሀይደር የሚባሉ ነጋዴ ናቸው ያሳደጉት።»

ሀይደር ስትል እጄ ጋኑ ላይ እንዳለ ቀረ። ደሴ ስትማር ያደርክበት ቤት የሀይደር ነው። ሀይደር አሳደገህ እንዴ? ሀይደር ጥሩ ሰው ነው፣ ጣሪያ ሰጥቶሃል፤ የተኛህበትን ፍራሽ፣ የለበስከውን፣ የበላኸውን ግን ይቺ ጀርባ ናት ሸክላ ተሸክማ ደሴ ድረስ ያመላለሰችው። ሀይደር የሚባል ብዙ ሰው አለ፣ ይሆናል፣ የሌላ ልጅ ነው ብዬ ልቤን አጽናናሁት። ይኸኔ ስልኳን አወጣችና አሳየችኝ።

ወፍረሃል። ማሻአላህ። ጺምህን አሳምረሃል። ሸሚዝህ ነጭ ነው፤ ያን ያህል ነጭ ሸሚዝ እዚህ ቤት ለብሰህ አታውቅም። ከቅንድብህ በላይ ያለችው ጠባሳ ግን ያው ናት። ትኩር ብዬ ሳያት ልጅቱ «እሷን አዩአት? ከፈረስ ወድቆ ነው» አለችኝ። ከየትኛው ፈረስ ነው የወደቅከው ልጄ? እኛ ፈረስ ኖሮን ያውቃል? ድስት ስተኩስ ፈንድቶ ገሉ ነው የመታህ። ደምህን በመቀነቴ አስሬ፣ አዝዬህ፣ ጤና ጣቢያ ድረስ እየሮጥኩ የሄድኩት እኔ ነኝ። ፈረሱ እኔ ነበርኩ።

«እናቱ ማን ነበር ስሟ?» አልኳት። የሌላ ሴት ስም ትጠራልኛለች ብዬ ነበር። ወላሂ በዚያ ሰዓት ሌላ እናት ቢኖርህ ደስ ይለኝ ነበር።

«ረሂማ። አላህ ይርሃማት» አለችኝ።

ስሜን እንኳ አልለወጥክም። ይህን ከውለታ ልቁጠርልህ ወይስ ከስንፍና? በምን ሞተች ብዬ ጠየቅኳት፣ መቼም ሰው የራሱን አሟሟት ማወቅ ይወዳል። «በወባ» አለችኝ። አይ ሀፊዝ! በእኛ ደጋ ምን ወባ አለ? አንተ የዚህ ምድር ልጅ አይደለህም እንዴ? ውሸታም እንኳ አገሩን አይቶ ይዋሻል። አባትህ በሺር እውነትም ሞቷል፣ እሱ ላይ አልቀጠፍክም፤ ነፍሱን ይማርና እሱም ይህን ሳይሰማ ሄደ።

ምን እንዳዘዘችኝ ልንገርህ። ሠርጋችሁ ጥር መጨረሻ እሁድ፣ ኮምቦልቻ፣ አያቷ ሀጂው ግቢ ውስጥ ነው አለችኝ። እሷ አያቷን «የሞተችውን እናቱን በምን ላስባት?» ብላ ጠይቃቸው ኖሯል፤ እሳቸውም ለሙት ከሰደቃ ሁሉ የውሃ ሰደቃ ይሻላል አሏት። ስለዚህ በግቢው በር ላይ በእናትህ ስም ትልቅ የውሃ ጋን ይቀመጣል። ሠርገኛውም፣ መንገደኛውም፣ የተጠማ ሁሉ ይጠጣበታል። ሠርጉ ሲያልፍ ወደ መስጊዱ ደጃፍ ይወሰዳል። የሚጠጣው ሰው ሁሉ አላህ ይርሃማት ይላታል፣ ምንዳው ለነፍሷ ይሆናል። ያንን ጋን ሥሪልኝ ነው የምትለኝ። ለእኔ ነፍስ፣ በእኔ እጅ።

ልጅቱን ምን ልበላት? አንተ ሳትሆን እሷ ነበረች ፊቴ ያለችው። ክርኗ ላይ ጭቃ ደርቆ፣ ዓይኗ እያበራ፣ አይታት የማታውቃትን አማቷን ልታከብር አገር አቋርጣ የመጣች ልጅ። እኔ ነኝ ረሂማ ብላት ያ ሁሉ ሰው ስልኩን ደቅኖ ነበር። ውርደታችን ተቀርጾ አዲስ አበባ ይገባ ነበር። የአንተን ውሸት በእሷ ፊት ላይ መስበር አቃተኝ። «እሠራልሻለሁ» አልኳት።

ይኸኔ እጄን ያዘችኝ። «እማ፣ እርስዎ ትልቅ ሰው ነዎት። የአገሯም ሰው ነዎት። ዱዓ ያድርጉላት» አለችኝ።

አደረግሁ። አዎ ልጄ፣ አደረግሁ። እጄን ዘረጋሁ። ሚኒባስ ሙሉ ሰው አብሮኝ ዘረጋ። «ያ ረቢ፣ ይቺን ረሂማን እዘንላት» አልኩ። አሚን አሉ። «ቀብሯን አስፋላት፣ ኑር፣ ብርሃን አድርግላት» አልኩ። አሚን አሉ። «አንድ ልጅ ነበራት፤ በእሱ ያየችውን ድካም ምንዳ አድርገህ ቁጠርላት» አልኩ። አሚን። «ልጇንም ይቅር በለው» አልኩ። እዚህ ላይ ልጅቱ ቀና ብላ አየችኝ፤ ልጅ ምን አጠፋ ብላ ይሆናል። እሷም አሚን አለችና እንባዋ ወረደ። አሮን አሚን ሳይል ቀረ። የልጅቱ ስልክ ላይ ያለውን ፎቶ አይቶ፣ እኔን አየኝና አንገቱን ደፋ። እኔ አላለቀስኩም። የሞተ ሰው በራሱ ቀብር ላይ አያለቅስም።

እነሱ ከሄዱ በኋላ ግን ተንሰቀሰቅኩ። ተናድጄብሃለሁ። ወላሂ፣ ወልጄ አሳድጌ እንዲህ በማንም ተናድጄ አላውቅም። ደሴ ገበያ ውስጥ ከጓደኞችህ ጋር ስታልፍ፣ እኔ ድስትና ምጣድ ዘርግቼ እንደተቀመጥኩ፣ ዓይንህ ዓይኔ ላይ አርፎ እንደ ባዳ ያለፍከኝ ቀን ትዝ ይልሃል? እኔም እንዳትሳቀቅ ብዬ ከአጠገቤ ካለችው ሴት ጋር ወሬ ያዝኩልህ። ልጅ ነው፣ ሲጎለምስ ይተወዋል አልኩ። አልተውከውም። ያኔ አለፍከኝ፣ አሁን ቀበርከኝ።

ፍርሃቴ አይገባሽም እንዳትል። ይገባኛል። ሀጂው የሸክላ ሠሪ ልጅ መሆንህን ቢሰሙ «የቡዳ ዘር ቤቴ አይገባም» ሊሉ ይችላሉ። አይሉም ብዬ አልዋሽህም፤ ስንቱን ትዳር በዚህ ሲያፈርሱ አይቻለሁ። የአጎትህ ልጅ እንኳ ኒካህ ሊያስር ሁለት ቀን ሲቀረው አይደል የተመለሰው? ልጅቷን ታጣለህ ብለህ ነው የፈራኸው። ግን ልጅቷን አይቼአታለሁ። ከእኔ ሳህን በልታለች። እሷን ጠይቀሃታል? አልጠየቅካትም። እሷን ከምትጠይቅ እኔን መግደል ቀለለህ።

ጋኑን እንዴት እንደሠራሁት ልንገርህ፣ ሥራ ነው፣ መስማት አለብህ። አፈሩን ከወንዙ ማዶ ካለው፣ አባትህ ይቆፍርበት ከነበረው ጉድጓድ አመጣሁ። ገል ወቅጬ ቀላቀልኩ። ያን ያህል ትልቅ ጋን ከሠራሁ ቆይቻለሁ፤ ሆዱን ስገነባ ወገቤ ተንቋቋ። በድንጋይ አሽቼ አሽቼ ፊት የሚያሳይ አደረግሁት። በጥላ ደረቀ፣ ስንጥቅ አላወጣም። ልጅቱ ሆዱ ላይ «የሟች ረሂማ ሰደቃ» ተብሎ እንዲጻፍ ነበር ያዘዘችው። «ሸክላ ብዙ ፊደል አይችልም፣ ይሰነጠቃል» ብዬ ዋሸኋት። እንግዲህ በቤታችን ውሸታም አንተ ብቻ አይደለህም። «የረሂማ ውሃ» ብዬ ብቻ በእንጨት ጫፍ ጻፍኩ። ሟች የሚለውን ቃል በገዛ እጄ በገዛ ስሜ ላይ መጻፍ አልቻልኩም።

ደግሞ ሰይጣን ምን እንዳለኝ ልንገርህ። አትተኩሽው አለኝ። ጥሬውን በጭስ አጥቁሪና በቅባት አሽተሽ ስጫት፣ ማንም አያውቅም። ሠርጉ ቀን ውሃ ሲሞላበት በሀጂው በር፣ በሠርገኛው ፊት፣ ጭቃ ሆኖ ይዘረገፋል፤ ሀፊዝም ጫማው ድረስ ይረጥባል። ወላሂ አሰብኩት። ደስ እያለኝ አሰብኩት። ግን የተጠማ መንገደኛ ጣሳ ይዞ ባዶ ሲቀር ታየኝ። ልጅቱም ጭቃው መሃል ቆማ ታየችኝ። ኩበቴን ደርድሬ፣ እንጨቴን ደርቤ ተኮስኩት። ሲወጣ በጣቴ ቆረቆርኩት፤ ጥርት ያለ ድምፅ ሰጠኝ። በተልባ አሟሽቼ ውሃ ሞላሁበት፣ ሲያድር ጠብ አላለም። ከሠራኋቸው ሁሉ እንደዚህ ያማረ የለም። መልካሙን ሥራዬን ለቀብሬ አስቀርተህልኝ ነበር ማለት ነው።

ዛሬ አሮን ሊወስደው መጣ። ብቻውን ነው የመጣው። ጋኑን ከመጫኑ በፊት ቁጭ አለና «እማማ፣ ያ ልጅ የእርስዎ ነው አይደል?» አለኝ።

«የትኛው ልጅ?»

«ፎቶው ላይ ያለው። ግንባሩ የእርስዎ ነው።»

«ከሆነስ?»

ዓይኑን ወደ ጓዳው ወረወረ። ከዚያ «ንፍሮ የለም?» አለኝ።

«ጾምህን ፈታህ?» አልኩት። አንገቱን ሰበረ። አመጣሁለት፤ እስኪጠግብ በላ። በላዩ ላይ ውሃ ጠጣ። እሱም ይቅርታ አላለም፣ እኔም አልጠየቅኩትም። አዲስ አበባ ሌሎች እንግዶች ሊቀበል ስለሚሄድ ደብዳቤውን በእጅህ እንደሚሰጥህ ቃል ገብቷል። ለቢልቂስ ትንፍሽ እንዳይል አስምዬዋለሁ። የሚነግራት እሱ አይደለም።

እንግዲህ እኔ ለሠርግህ አልተጠራሁም፤ ሙት አይጠራም። የውሃ ሰደቃ ግን ጥሪ አይፈልግም። በበሩ ያለፈ ሁሉ ይጠጣል፣ ማንም «አንቺ ማነሽ?» ብሎ አያባርርም። ስለዚህ እመጣለሁ ሀፊዝ። ከኩታበር ደሴ፣ ከደሴ ኮምቦልቻ በሚኒባስ እወርዳለሁ። ያን አንተ በመጀመሪያ ደሞዝህ የገዛህልኝን አረንጓዴ ሻሽ እለብሳለሁ፤ የገዛህልኝ መሆኑን ረስተህ ይሆናል፣ እኔ ለዒድ ብቻ ነው የማወጣው። ከመንገደኛው ጋር ተሰልፌ ጣሳውን አነሳለሁ፣ ቢስሚላህ ብዬ በስሜ ከተቀመጠው ውሃ እጠጣለሁ። ስጠጣ የሚያውቀኝ ሰው ካለ ጣሳውን ከእጄ ነጥቆ ድንጋይ ላይ እንዳይከሰክስብኝ ዱዓ አድርግልኝ እልህ ነበር፣ ካንተ ዱዓ የምጠብቅ ብሆን። ከዚያ ቀና ብዬ ወደ ግቢው አያለሁ።

ታየኛለህ። እንደ ገበያው ቀን ታየኛለህ። ግን ይህን እወቅ፤ አሁን ከማንም ጋር ወሬ አልይዝልህም። ፊቴን አላዞርልህም። ቆሜ እጠብቃለሁ፣ ውሃ እስከምጠጣ ድረስ ብቻ። «እማ» ብለህ ከጠራኸኝ እገባለሁ፤ ለቢልቂስም ለሀጂውም የምታስረዳው አንተ ነህ፣ እኔ አንድ ቃል አልጨምርልህም። የሚቆጡም ከሆነ አብረን እንቆማለን፣ የሚያስወጡንም ከሆነ አብረን እንወጣለን። ዝም ካልክ ግን ጣሳውን ወደ ቦታው መልሼ፣ እንደ ሰዉ «አላህ ይርሃማት» ብዬ ወደ ሚኒባሱ እሄዳለሁ። ሁለተኛ አልነሳብህም።

ልጄ፣ ብናደድም እናትህ ነኝና ሳልመርቅህ ደብዳቤዬን አልዘጋም። ትዳራችሁን አላህ በረካ ያድርገው። ቢልቂስ የዋህ ናት፣ እንዳትበድላት፤ አንድ ሴት በድለሃል፣ ይበቃሃል። የምትወልዱት ልጅ ያንተን ግንባር የእሷን ልብ ይያዝ። የምትወልደው ደግሞ አንተን የሚክድ አይሁን፣ ይህን ለማንም አልመኝም። ብርድ ሲሆን ደረትህን ሸፍን፤ በልጅነትህ ብርድ አይስማማህም ነበር።

እስከ ጥር መጨረሻ እሁድ ድረስ በሕይወት ያለችው እናትህ፣
ረሂማ